ሱሃርቶን ጀግና ያደረገው አንድ ፊልም ነው

ኅዳር 1 ቀን 2018 ዓ.ም.፣ በፈረንጆቹ ኖቬምበር 10 ቀን 2025፣ ጃካርታ በሚገኘው ቤተ መንግሥት አንድ ሥነ ሥርዓት ተካሄደ። ዕለቱ ኢንዶኔዥያውያን የጀግኖች ቀን ብለው የሚያከብሩት ነው። ፕሬዚዳንት ፕራቦዎ ሱቢያንቶ ለ10 ሟቾች "ብሔራዊ ጀግና" የሚል ማዕረግ ሰጡ። ከአሥሩ የሦስቱን ስም ልጥራላችሁ። (ከዚህ በኋላ የምጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ በፈረንጆቹ ናቸው።)

አንደኛዋ ማርሲናህ ትባላለች። ምሥራቅ ጃቫ ውስጥ በአንድ የሰዓት ፋብሪካ የምትሠራ የ24 ዓመት ወጣት ነበረች። በ1993 ሠራተኞቹ ደመወዝ ይጨመርልን ብለው አድማ መቱ። ባልደረቦቿ ወደ ወታደር ቢሮ ተጠርተው ሥራ እንዲለቁ ተገደዱ። ስለ እነርሱ ልትጠይቅ የወጣችው ማርሲናህ በዚያው ቀረች። ከቀናት በኋላ ተሠቃይታ የሞተች አስከሬን ሆና ተገኘች። ገዳይዋ እስከ ዛሬ አልተቀጣም።

ሁለተኛው አብዱራህማን ዋሂድ ናቸው፤ ሕዝቡ "ጉስ ዱር" ይላቸዋል። በ2000፣ ፕሬዚዳንት ሳሉ፣ የቻይና ዝርያ ያላቸው ኢንዶኔዥያውያን ባህላቸውን በአደባባይ እንዳያሳዩ ለ33 ዓመታት የከለከለውን መመሪያ የሻሩ ሰው ናቸው።

ሦስተኛው ሱሃርቶ ነው። መመሪያውን ያወጣው እርሱ ነው። ማርሲናህ የሞተችውም እርሱ አገሪቱን በወታደር በሚገዛበት ዘመን ነው።

ከልካዩ፣ ክልከላውን የሻሩት ሰው እና በከልካዩ ዘመን የተገደለችው ልጅ፤ ሦስቱም በአንድ ቀን፣ በአንድ አዳራሽ፣ በአንድ ማዕረግ። ሸላሚው ደግሞ የሱሃርቶ የቀድሞ አማች ናቸው።

በማግስቱ "ታሪክን ሚዛናዊ አድርጎ ማየት" የሚል ወግ ሰማን። ይህ ሚዛን አይደለም። የገዳዩንም የሟቿንም ፎቶ አንድ ግድግዳ ላይ ሰቅሎ "ሁለቱም የኛ ናቸው" ማለት ክርክሩን መዝጊያ ነው። እኔ የምጠይቀው ሌላ ነገር ነው። በ1965 እና 66 ከ500 ሺህ እስከ 1 ሚሊዮን የሚገመት ሰው የተገደለበትን እልቂት የመራ ሰው፣ በ1998 ተማሪዎች ከሥልጣን ያባረሩት ሰው፣ በ27 ዓመት ውስጥ እንዴት ጀግና ሆነ?

መልሴ አጭር ነው። በፊልም።

*

መጀመሪያ የተከላካዮቹን ክርክር ላስቀምጥ፤ ደካማውን መርጬ መምታት አልፈልግም። ሱሃርቶ አገር ገነባ ይላሉ። ድህነት ቀነሰ፣ በ1980ዎቹ አጋማሽ ኢንዶኔዥያ በሩዝ ራሷን ቻለች፣ ትምህርት ቤት ተስፋፋ። በዚህ ላይ አልከራከርም፤ የሆነ ነገር ነው። ቀጥለው ደግሞ "በሺህ በሚቆጠሩ ደሴቶች ላይ የተበተነን ሕዝብ አንድ አድርጎ ባህሉን ጠበቀ" ይላሉ። ይቺን ሁለተኛዋን የኛም ሰዎች ሲደግሟት እሰማለሁ፤ በተለይ "ጠንካራ እጅ" የናፈቃቸው። ኢንዶኔዥያን ተመልከቱ፣ ዘመናዊም ሆነች ባህሏንም አልጣለችም፣ የጥላ አሻንጉሊቷን፣ ባቲኳን፣ ጋመላኗን ይዛ ዩኔስኮ በር ላይ ቆማለች፣ እያሉ።

ልክ ነው፣ ሱሃርቶ ባህልን ጠብቋል። የጠበቀው ግን እስረኛ በሚጠበቅበት መንገድ ነው።

*

የማወራው ፊልም በ1984 የወጣ ነው። ርዕሱ ሲተረጎም "የሴፕቴምበር 30 እንቅስቃሴ እና የኮሙኒስት ፓርቲው ክህደት" እንደማለት ነው። ያሠራው የመንግሥት የፊልም ድርጅት ነው። ቁጭ ብዬ ሙሉውን አየሁት፤ አራት ሰዓት ተኩል ይፈጃል።

መናኛ ፊልም ቢሆን ኖሮ ይህን ጽሑፍ አልጽፍም ነበር። ዳይሬክተሩ አሪፊን ሲ. ኑር በአገሩ የተከበረ የቴአትር ሰው ነበር፤ ሥራውን ያውቃል። ጨለማው፣ የሲጋራው ጭስ፣ ወደ ከንፈርና ወደ ዓይን የሚጠጋው ካሜራ፣ የልጆች ልቅሶ፤ አዋቂ ያስፈራል። አሁን ይህን ለአሥር ዓመት ልጅ እንደሚያሳዩት አስቡ። አሳይተዋልም። ሱሃርቶ እስኪወርድ ድረስ በየዓመቱ ሴፕቴምበር 30 ማታ በቴሌቪዥን ይታይ ነበር። ተማሪዎች በመምህራን እየተመሩ ሲኒማ ቤት ተወስደው እንዲያዩት ተደርጓል። አንድ ትውልድ ስለ አገሩ ታሪክ መጽሐፍ ከማንበቡ በፊት ይህን ፊልም አይቶ በፍርሃት ብርድ ልብሱን ተከናንቧል።

ታሪኩ ምን ነበር? ከሴፕቴምበር 30 ወደ ኦክቶበር 1 ቀን 1965 በሚያነጋው ሌሊት፣ ራሳቸውን የሴፕቴምበር 30 እንቅስቃሴ ብለው የሰየሙ ወታደሮች ስድስት ጄኔራሎችንና አንድ መቶ አለቃ ገደሉ፤ አስከሬናቸውንም ከጃካርታ ዳር፣ ሉባንግ ቡዋያ በሚባል ሥፍራ፣ ጉድጓድ ውስጥ ጣሉት። ይህ የሆነ ነገር ነው፤ ወንጀልም ነው። ከኮሙኒስት ፓርቲው መሪዎች የጥቂቶቹ እጅ እንዳለበት የታሪክ ተመራማሪዎች ጽፈዋል። የፓርቲው ሚሊዮኖች አባላት ግን፣ መሬት ስጡን የሚለው ገበሬ፣ የሠራተኛ ማኅበሩ ሰው፣ የመንደሩ ዘፋኝ፣ እንደማንኛውም ሰው በሬዲዮ ነው የሰሙት።

ፊልሙ በዚህ አይቆምም። የፓርቲው ደጋፊ ሴቶች በጉድጓዱ ዙሪያ እየዘፈኑ ሲጨፍሩ፣ የታሰረን ጄኔራል ፊት በምላጭ ሲተለትሉ ያሳያል። ይህ ምስል ከየት መጣ? በ1965 ኦክቶበር የጦሩ ጋዜጦች ከጻፉት ወሬ ነው። የጄኔራሎቹ ዓይን ወጣ፣ ብልታቸው ተቆረጠ፣ ይህን ያደረጉትም ገርዋኒ የተባለው የሴቶች ድርጅት አባላት ናቸው ተባለ። ገርዋኒ መሃይምነትን የሚዋጋ፣ መዋዕለ ሕፃናት የሚከፍት፣ ከአንድ በላይ ማግባትን የሚቃወም ግዙፍ ድርጅት ነበር። በዚያ ወሬ ምክንያት አባላቱ ታደኑ፣ ተደፈሩ፣ ተገደሉ፤ ብዙዎቹ ያለ ፍርድ ለዓመታት ታሰሩ።

አስከሬኖቹ ግን ተመርምረዋል። ኦክቶበር 4 ቀን 1965 ሐኪሞች ሰባቱንም መርምረው ሪፖርት ጽፈዋል። ምርመራው እንዲደረግ ያዘዘው ሱሃርቶ ራሱ ነው። ሪፖርቱን ምሁሩ ቤኔዲክት አንደርሰን በ1987 አሳተመው። ጥይት፣ የሳንጃ ቁስል፣ በድብደባና ወደ ጉድጓድ በመውደቅ የደረሰ ጉዳት ይላል። ዓይን አልወጣም። ብልት አልተቆረጠም።

አስቡት እስቲ። ሰውየው እውነቱን በሐኪም ፊርማ ይዞታል። ከ19 ዓመት በኋላ መንግሥቱ በአገሪቱ ካሉት ምርጥ የጥበብ ሰዎች አንዱን ቀጥሮ ውሸቱን በከለር ፊልም አሠራ። ይህ የመረጃ ስህተት አይባልም። የአንድን ሕዝብ ቅዠት በበጀት መሥራት ነው።

*

ቅዠቱ ለማን እንደጠቀመ የሚናገር ምስክር አለ። ምስክሩም ከገዳዮቹ አንዱ ነው።

በ2012 የወጣውን "የመግደል ድርጊት" የተሰኘውን የጆሹዋ ኦፐንሃይመር ዘጋቢ ፊልም ያያችሁ ታስታውሳላችሁ። ሜዳን ከተማ የሚኖረው አንዋር ኮንጎ በ1965 ሰዎችን በሽቦ እያነቀ የገደለ፣ በተከበረ ሽማግሌነት የሚኖር ሰው ነው። ወጣት ሳለ ሲኒማ ቤት በር ላይ ትኬት እያሻሻጠ የሚኖር ዱርዬ ነበር። ግራ ክንፎቹ የአሜሪካ ፊልም ይከልከል ብለው ሲነሱ እንጀራው ተነካበት። ግድያ ሲጀምር ደግሞ አገዳደሉን ከአሜሪካ የወንበዴ ፊልሞች ቀዳ።

በዚያ ዘጋቢ ፊልም ውስጥ ከሁሉ በላይ የከነከነኝ ሌላ ቦታ ነው። አንዋር እና የገዳይ ጓደኛው ስለዚሁ ስለ 1984ቱ የመንግሥት ፊልም ያወራሉ። ጓደኛው ያ ፊልም ውሸት ነው ይላል፤ ሰዎቹን ከገደልናቸው በኋላ መጥፎ አድርጎ ማሳየት ቀላል ነው እንደማለት። አንዋር ደግሞ ጥፋተኛ እንዳልሆንኩ እንዲሰማኝ የሚያደርገኝ ያ ፊልም ነው ይላል።

ፊልሙ የተሠራው ለዚህ ነው። የሟቾችን ልጆች ለማስፈራት ብቻ አይደለም፤ ገዳዮቹ እንቅልፍ እንዲወስዳቸውም ነው። ኅዳር 1 ቀን የተሰጠው ማዕረግም ያንኑ ሥራ ይሠራል።

*

አሁን ወደ "ባህል ጠባቂው" ልመለስ። አራት ነገሮችን ብቻ ላንሳ።

አንደኛ፣ ዘፈኑ። ባኑዋንጊ በምሥራቅ ጃቫ ጫፍ ያለ አካባቢ ነው። ጌንጄር በረግረግና በሩዝ ማሳ ዳር የሚበቅል፣ ድሃ ሰው ቀቅሎ የሚበላው ቅጠል ነው። በጃፓን ወረራ ጊዜ፣ ሩዝ በጠፋበት ዘመን፣ ሙሐመድ አሪፍ የሚባል የአካባቢው ሙዚቀኛ ስለዚህ ቅጠል ዘፈን ሠራ። ቅጠል ስለ መልቀም፣ ገበያ ስለ ማውጣት፣ ቀቅሎ ስለ መብላት የሚያወራ ዘፈን ነው። በ1960ዎቹ ታዋቂ ድምፃውያን ዘፈኑት፤ ግራ ክንፎቹም ወደዱት። ከ1965 በኋላ ግን ሴቶቹ በጉድጓዱ ዙሪያ የዘፈኑት እርሱን ነው ተባለና ዘፈኑ ወንጀል ሆነ። ደራሲው ተይዞ በዚያው ጠፋ። ስለ ጎመን የሚያወራ የአገር ዘፈን ማንጎራጎር ለ30 ዓመት የሚያሳስር ነገር ሆነ። ባህልን መጠበቅ ይህ ነው?

ሁለተኛ፣ የቻይናውያኑ ጥበብ። በ1967 በወጣው መመሪያ የአንበሳ ጭፈራው ከአደባባይ ጠፋ። በእጅ ጣት የሚንቀሳቀሰው የፖቴሂ አሻንጉሊት ቴአትር፣ ለብዙ ትውልድ ጃቫ ውስጥ የኖረው፣ ወደ ቤተ መቅደስ ጓሮ ተገፋ። ሰዎች ስማቸውን ሳይቀር እንዲቀይሩ ግፊት ተደረገባቸው። "አንድነት በልዩነት" የሚለው መፈክር ግን በየግድግዳው ነበር።

ሦስተኛ፣ ሙዚየሙ። በ1975 የሱሃርቶ ባለቤት ባመነጩት ሐሳብ ጃካርታ ዳር "ታማን ሚኒ" የሚባል ትልቅ መናፈሻ ተከፈተ። ለእያንዳንዱ ክፍለ ሀገር አንድ አንድ የባህል ቤት፣ አንድ አንድ የባህል ልብስ፣ አንድ አንድ ጭፈራ። ገና ሲታቀድ ተማሪዎች በዚህ ገንዘብ ድሃ ይረዳ ብለው ተቃውመው ነበር፤ ተደቆሱ። ይህ መናፈሻ ዛሬም ደስ የሚል የቤተሰብ መዝናኛ ነው፤ አልጠላውም። መልእክቱን ግን አስተውሉ። ባህል ማለት ልብስና ጣሪያ ነው፤ ቅሬታ የለውም፣ መሬት አይጠይቅም፣ ሟች የለውም። የምትጨፍር እንጂ የምትናገር ሴት የለችበትም።

እንዲህ ያለ ባህል ለእኛም እንግዳ አይደለም፤ መድረክ ላይ በየተራ ወጥቶ ዘልሎ የሚወርደውን "የብሔረሰብ ጭፈራ" ያየ ሰው ያውቀዋል። እዚህ ላይ ላቁምና ልመለስ።

አራተኛ፣ ሰማር። ዋያንግ የሚባለው የጥላ አሻንጉሊት ቴአትር የጃቫ ጥበባት አውራ ነው። ዳላንግ የሚባለው ተራኪ ከነጭ መጋረጃ ጀርባ፣ ከመብራት ሥር ተቀምጦ፣ ከማታ እስከ ንጋት ብቻውን ሁሉንም ገጸ ባሕርይ ይጫወታል። ከኋላው የጋመላን ሙዚቀኞች አሉ። ታሪኩ የነገሥታትና የመሳፍንት ነው። ሌሊቱ ሲጋመስ ግን ጎሮ-ጎሮ የሚባል ክፍል ይመጣል፤ ዓለም ይናወጣል፣ ቀልደኞቹ አሽከሮች ይወጣሉ። አለቃቸው ሰማር ነው፤ ቦርጫም፣ አስቀያሚ፣ የሁሉ አሽከር፣ ግን በምሥጢር አምላክ የሆነ። በዚያች ሰዓት ቀልደኞቹ ስለ ሩዝ ዋጋ፣ ስለ መንደሩ ሹም፣ ስለ ሙስና ያወራሉ። ለጌቶች የማይባለው የሚባለው ያኔ ነው።

ሱሃርቶ ምን አደረገ? ሥልጣን ከሱካርኖ እጅ የወሰደበት ማርች 11 ቀን 1966 የተጻፈ ደብዳቤ አለ። "የማርች አሥራ አንድ የትእዛዝ ደብዳቤ" የሚሉት የኢንዶኔዥያ ቃላት ተጨምቀው "ሱፐርሰማር" ተባለ። በአጋጣሚ እንዳይመስላችሁ። የሕዝቡ ቀልደኛ፣ የድሆች አምላክ፣ የጄኔራሉ ማኅተም ሆነ። የደብዳቤው ዋና ቅጂ ደግሞ እስከ ዛሬ አልተገኘም። ከዚያ በኋላ ዳላንጎች በየስብሰባው እየተጠሩ የቤተሰብ ምጣኔንና የአምስት ዓመት ዕቅዱን በጎሮ-ጎሮ ሰዓት እንዲሰብኩ ተደረገ። ሹሙን ይተች የነበረው የቀልድ ሰዓት የሹሙ ማስታወቂያ ሆነ። ሁሉም ዳላንግ አልታዘዘም፤ በዘዴ የሚሸነቁጡ ነበሩ። ቢሆንም ዋያንግን ጠበቀው የሚሉን ሰው ከዋያንግ መሀል ምላሱን ቆርጦ አሻንጉሊቱን ብቻ ሊያስቀር የሞከረ ሰው ነው።

*

እዚህ ላይ ፍትሐዊ ልሁን። ከ1965 በፊት የነበረው ሁሉ ገነት አልነበረም። የኮሙኒስት ፓርቲው የባህል ክንፍ የነበረው ሌክራ ኃይል ባገኘበት ጊዜ የማይስማሙትን ደራስያን በጋዜጣ ሲያሳድድ ነበር። ለጥበብ ነጻነት ማኒፌስቶ የጻፉ ጸሐፍት ማኒፌስቷቸው በ1964 በሱካርኖ ታገደ፤ ሌክራዎች አጨበጨቡ። ታላቁ ደራሲ ፕራሙድያ አናንታ ቱርም ከአሳዳጆቹ ወገን ነበር። ይህን መደበቅ ሌላ ፊልም መሥራት ነው።

ግን ሰውን በጋዜጣ መስደብና ሰውን ጉድጓድ መክተት አንድ አይደለም። ፕራሙድያ ዋጋውን ከፍሏል፤ 14 ዓመት ታስሯል፣ ብዙውን በቡሩ ደሴት። ወረቀት በተከለከለበት ልቦለዱን ለእስረኛ ጓደኞቹ በቃል ተረከላቸው። ተፈትቶ ሲያሳትመው መጽሐፉ ታገደ። በ2019 ግን "የሰው ልጅ ምድር" የተባለው ያው ልቦለድ ፊልም ሆኖ፣ ወጣቶች የሚያብዱለት ተዋናይ እየተወነበት፣ በየገበያ ማዕከሉ ሲኒማ ታየ። አያቶቻቸው ቢያነቡት ይታሰሩበት የነበረውን ታሪክ ልጆቹ ፈንዲሻ ይዘው አዩት። ሳንሱር ለዘላለም አያሸንፍም የሚል ሰው ይህን ይጥቀስ፤ እኔም እስማማለሁ።

*

የዛሬው የኢንዶኔዥያ ሲኒማ በእርግጥ ያስቀናል። በሱሃርቶ የመጨረሻ ዓመታት፣ የሆሊውድ ፊልም የሚያስገባውና ትልቁን የሲኒማ ሰንሰለት የያዘው ቡድን በሱሃርቶ ዘመድ በሱድዊካትሞኖ እጅ በነበረበት ጊዜ፣ በዓመት ወደ መቶ ይጠጋ የነበረው የአገር ውስጥ ፊልም በጣት ወደሚቆጠር ወርዶ ነበር። ባህል ጠባቂው ሲወርድ ሲኒማው ሞቶ ነበር ማለት ነው። ዛሬ የአገሬው ፊልም ከሲኒማ ተመልካቹ ከግማሽ በላይ ይዟል። በ2022 ስለ አንድ የጭፈራ መንደር የሚተርክ አስፈሪ ፊልም ከ9 ሚሊዮን በላይ ሰው አየው። በ2025 "ጁምቦ" የተባለ የልጆች አኒሜሽን ከ10 ሚሊዮን አለፈ።

ይህ ሁሉ የሆነው ሚኒስቴር አዝዞ አይደለም። ሰዎች የራሳቸውን ቅዠት በራሳቸው ቋንቋ መናገር ስለጀመሩ ነው። የጆኮ አንዋርን "የሰይጣን ባሪያዎች" ሁለተኛ ክፍል ተመልከቱ። በ1955 ባንዱንግ አጠገብ ይጀምራል፤ የእስያና የአፍሪካ ጉባኤ ሊከፈት ሲቃረብ። (ኢትዮጵያም የተገኘችበት ያ ጉባኤ ነው።) በአንድ የከዋክብት መመልከቻ ግቢ ውስጥ አስከሬኖች ተደርድረው ተደፍተዋል፤ ባለሥልጣናቱም ነገሩ ከጉባኤው በፊት እንዳይሰማ ይጨነቃሉ። ከዚያ ታሪኩ ወደ 1984 ይዘላል። ያ የመንግሥት ፊልም የወጣበት ዓመት መሆኑን ልብ በሉ። አስፈሪ ፊልም ነው፣ ቀልድ ነው፣ ትኬት መሸጫ ነው። ግን የዚህ አገር አስከሬኖች በአግባቡ አልተቀበሩም የሚለውን ነገር ታሪክ መጽሐፍ ከሚናገረው በላይ ይናገራል።

ከሱ ጎን ጸጥ ያሉ ፊልሞች አሉ። የካሚላ አንዲኒ "ናና" ባሏንና አባቷን ያጣች ሴት በ1960ዎቹ በሰላም ቤት ውስጥ ስትኖር ሌሊት የሚያባንናትን ያሳያል። የማክቡል ሙባራክ "አውቶባዮግራፊ" ጡረታ የወጣ ጄኔራልና የቤቱ አሽከር ልጅ ታሪክ ነው፤ ጄኔራሉ ሲስቅ የበለጠ ያስፈራል። በበርሊንም በቬኒስም ተሸልመዋል።

ታዲያ ነጻ ወጥተዋል? የጋሪን ኑግሮሆ "የውብ ሰውነቴ ትዝታ" ስለ ሌንገር የሚተርክ ነው። ሌንገር ወንድ እንደ ሴት ተኳኩሎ የሚጨፍርበት የመሀል ጃቫ ጥንታዊ ጥበብ ነው። የባህል ጥበብን ከነሥጋው፣ ከነቁስሉ ያሳየ ፊልም ነው። የአገሪቱ ሳንሱር ቦርድ አሳልፎት ሳለ በ2019 የዴፖክ ከተማን ጨምሮ የተለያዩ አካባቢዎች ሹማምንት እንዳይታይ አገዱት። በዚያው ዓመት የአገሪቱን ትልቁን የፊልም ሽልማት አገኘ። ባህላችን ይጠበቅ የሚሉት ሰዎች ባህላቸውን ሲያዩት ደነገጡ፤ ምክንያቱም የሚያውቁት የመናፈሻውን ስሪት ነው።

የእልቂቱን ታሪክ በስሙ ጠርቶ የሚናገረው ፊልም ደግሞ አሁንም ሲኒማ አይገባም። "የመግደል ድርጊት" በየቤቱና በየዩኒቨርሲቲው በምሥጢር ነው የታየው። የኢንዶኔዥያ ተወላጅ ሠራተኞቹ፣ ተባባሪ ዳይሬክተሩ ሳይቀር፣ በፊልሙ መጨረሻ ላይ "ስም አይጠቀስ" ተብለው ነው የተጻፉት። ተከታዩ "የዝምታ ገጽታ" የተገደለ ወንድሙን ገዳዮች ፊት ለፊት የሚጠይቅ የመነጽር ባለሙያ ታሪክ ነው። ጃካርታ ውስጥ ለመጀመሪያ ጊዜ በአደባባይ የታየው ኖቬምበር 10 ቀን 2014፣ በጀግኖች ቀን ነበር። ሰዎች አዳራሽ ሞልተው ቆመው አጨበጨቡ። በዚያው ዓመት መጨረሻ ሳንሱር ቦርዱ ለሕዝብ እንዳይታይ ከለከለው።

ከዚያ ልክ 11 ዓመት ቆይቶ፣ በዚያው ቀን፣ በዚያው ከተማ፣ ሱሃርቶ ጀግና ተባለ። አንዱን ፊልም ከልክላችሁ ሌላውን ለ14 ዓመት በግዴታ ካሳያችሁ ውጤቱ ይህ ነው።

*

"በ1998 ማሳየት ቆሟል እኮ" የሚሉኝ አሉ። አዎ ግዴታው ቀርቷል፤ ካስቆሙት መካከል ደግሞ ስማቸው ያለ አግባብ ጠፋ ያሉ የአየር ኃይል ጡረተኞች አሉበት እንጂ የሟች ቤተሰቦችን የሰማ አልነበረም። በ2017 የጦር ኃይሎቹ አዛዥ ወታደሮች ፊልሙን እንደገና እንዲያዩ አዘዙ። በ2023 ፕሬዚዳንት ጆኮ ዊዶዶ የ1965ቱን ጨምሮ 12 ከባድ የመብት ጥሰቶችን አምነው ማዘናቸውን ሲገልጹ አንድ በር የተከፈተ መስሎ ነበር። በ2025 ግን የባህል ሚኒስትሩ ፋድሊ ዞን አዲስ ኦፊሴላዊ የአገር ታሪክ እያስጻፉ ሳለ፣ በሜይ 1998 በቻይናውያን ዝርያ ሴቶች ላይ የተፈጸመው የጅምላ መድፈር ማስረጃ የለውም፣ ወሬ ነው አሉ። ያኔውኑ መንግሥት ራሱ ያቋቋመው አጣሪ ቡድን መድፈር መፈጸሙን ጽፎ ሳለ።

የተናገሩት የፍትሕ ሚኒስትሩ አይደሉም፣ የመከላከያውም አይደሉም። የባህል ሚኒስትሩ ናቸው። በ1965 ጭፈራ ያልነበረበትን ጭፈራ የፈጠረ መንግሥት፣ ዛሬ የተደፈሩትን ሴቶች አልተደፈሩም ይላል። ሥራው ያው ነው፤ ቢሮው ብቻ ተቀየረ።

ስለዚህ "ባህል ጠባቂ መንግሥት" የሚል ነገር ስትሰሙ ስለ ጭፈራው ብዛት አትጠይቁ። የትኛው ዘፈን ተከለከለ? የትኛው ፊልም በምሥጢር ይታያል? በፊልሙ መጨረሻ ስማቸው ያልተጻፈው እነማን ናቸው? ብላችሁ ጠይቁ። ይህ ጥያቄ ለጃካርታ ብቻ የሚሆን አይደለም።

ዋያንግ ውስጥ አንድ የምወደው ነገር አለ። ተመልካቹ በመጋረጃው በሁለቱም በኩል መቀመጥ ይችላል። ከፊት የተቀመጠ ጥላውን ያያል፤ ዞሮ ከኋላ የተቀመጠ ደግሞ አሻንጉሊቱን፣ መብራቱን፣ የሚያንቀሳቅሰውን እጅ ያያል። ማንም አይከለክለውም። የሱሃርቶ መንግሥት የከለከለው ዞሮ ማየትን ነው፤ የኅዳር 1ዱ ማዕረግም ሰው ከፊት እንደተቀመጠ እንዲቀር ነው የተሰጠው።

እውነትና ንጋት እያደር ይጠራል እንላለን። ንጋቱስ በራሱ ይመጣል። እውነት ግን በኢንዶኔዥያ 60 ዓመት አድሮ አልጠራም፤ ስማቸውን እንኳ መጻፍ ያልቻሉ ሰዎች ካሜራ ይዘው እስኪወጡ ድረስ የጠራች ነገር የለም። የማርሲናህ ስም ከገዥዋ ስም ጎን ተጽፏል። ቢያንስ እኛ የምናነበው አንድ ላይ ሳንደባልቅ ይሁን።